መልሼ የላክሁት ደብዳቤ

አሁን የምሠራው ባሕር ዳር ጀልባ ማረፊያው ላይ ነው። ወደ ዘጌና ወደ ደልጊ የሚሻገሩ ሰዎችን እመዘግባለሁ። ስም፣ ዕድሜ፣ የሚወርዱበት ቦታ። ጀልባው ሲነሣ ዝርዝሩን ለነጂው እሰጣለሁ፤ ቅጂው እኔ ዘንድ ይቀራል። ሥራው ቀላል ነው። ባልደረቦቼ ግን ይስቁብኛል፤ እያንዳንዱን ስም ከጻፍሁ በኋላ ለባለቤቱ መልሼ ስለማነብ። "ይህ ልጅ ሰው እየመዘገበ ነው ወይስ ዳዊት እየደገመ?" ይላሉ። ልማዱን ከየት እንዳመጣሁት አያውቁም።

ከዚህ በፊት ሰባት ዓመት በአንድ የግል ጤና ኮሌጅ መዝገብ ቤት ሠርቻለሁ። ኮሌጁ አሁን የለም። ግቢው የቤት ዕቃ መሸጫ ሆኗል። የሥራ ዘመኔን እንድጽፍ የመከሩኝ አለቃዬ የነበሩት የኔታ ልሳነወርቅ ናቸው። "ያየኸውን ጻፍ፤ ያላየኸውን ተወው" አሉኝ። እኔ ከዐሥራ ሁለተኛ ክፍል በላይ አልተማርሁም። ከደብዳቤ በቀር ሌላ ነገር ጽፌ አላውቅም። ብደናቀፍ አንባቢ ይታገሠኝ።

የኔታ የሚላቸው ተማሪው ሁሉ ነበር እንጂ አስተማሪ አልነበሩም። በልጅነታቸው ከጣና ገዳማት በአንዱ ብራና መጻፍ ተምረዋል። ኋላ የመንግሥት መሥሪያ ቤት መዝገብ ያዥ ሆኑ፤ ጡረታ ሲወጡ ኮሌጁ ቀጠራቸው። ጠዋት መዝገቡን ከመክፈታቸው በፊት እጃቸውን ይታጠባሉ። እኔንም አስታጠቡኝ። መጀመሪያ ቀን ስቄ ነበር። በሁለተኛው ሳምንት ሳይነግሩኝ መታጠብ ጀመርሁ።

ደብዳቤ የሚነበበው ከእግሩ ነው ይሉ ነበር። ሌላው ሰው "ጉዳዩ" ከሚለው ይጀምራል። እሳቸው መጀመሪያ ማህተሙን ያያሉ። ክብ መስመሩ ሙሉ መሆኑን፣ የፊርማውን ጅራት መንካቱን። ቀጥሎ ፊርማውን፣ ቀጥሎ ስምና ኃላፊነት የተጻፈበትን ቲተር፣ ከዚያ ቁጥሩንና ቀኑን። ይህ ሁሉ ልክ ከሆነ ብቻ ምን እንደሚል ያነባሉ። "አስቀድመህ ነገሩን ካነበብህ ትደነግጣለህ ወይም ትደሰታለህ። የደነገጠ ሰው ማህተም አያይም" አሉኝ።

ለተማሪ ማስረጃ ሲሠሩ ደግሞ ስሙን ጮክ ብለው ለባለቤቱ ያነቡለታል። ባለቤቱ "ልክ ነው" ሳይል ማህተም አይመቱም። አንዲት ፊደል ብትሳሳት ያ ሰው ዕድሜውን ሙሉ ቢሮ ለቢሮ ይንከራተታል። ተማሪዎቹ ሲቸኩሉ "የኔታ፣ ስሜን እኮ አውቀዋለሁ" ይላሉ። "አንተ ታውቀዋለህ፤ ወረቀቱ ማወቁን ነው የምጠይቀው" ይሏቸዋል።

አንድ ሌላ ልማድ ነበራቸው። እሱን በደንብ ሳላየው ቀረሁ። ማህተም የሌለው ደብዳቤ ሲመጣ በገቢ መዝገብ አይጽፉትም፤ ለላከው መሥሪያ ቤት ይመልሱታል። ከመለሱ በኋላ ግን ከዘራቸውን ይዘው ይነሡና ወደ ዲኗ ቢሮ ይገባሉ። ትንሽ ቆይተው ጢማቸውን እየጠረጉ ይመለሳሉ። ሲስተር ዘሐራ ጠረጴዛቸው ላይ ሁልጊዜ የሻይ ፔርሙዝ አይጠፋም። የኔታ ሻይ ሊጠጡ የሚሄዱ ይመስለኝ ነበር።

ሲስተር ዘሐራ የኮሌጁ ባለቤትም ዲንም ናቸው። ወረታ ነጋዴ ቤት ተወልደው ያደጉ፣ ሃያ ምናምን ዓመት በነርስነት የሠሩ ሴት። ኃይለኛ ናቸው። ቀሚሳቸው ሲንኮሻኮሽ ኮሪደሩ ጸጥ ይላል። ለሠራተኛ ዘመድ ግን ክፍያውን በግማሽ ቀንሰው ያስተምሩ ነበር። ወንድሜ አበጀ ወደ ኮሌጁ የገባው በዚህ ነው። ያስገባሁት እኔ ነኝ።

አበጀ በአራት ዓመት ይበልጠኛል። "አያ" እለው ነበር። ደልጊ ሳለን አባታችን ሲሞት ትምህርቱን ትቶ መረብ ጎትቶ ያስተማረኝ እሱ ነው። እኔ ሥራ ስይዝ ተራው የሱ ነው ብዬ አመጣሁትና የሕክምና ላቦራቶሪ ተመዘገበ። በዕድሜ ከክፍሉ ሁሉ ትልቅ ነበር፤ ልጆቹ "አባወራው" ይሉታል፤ እሱም "ቤተሰቦቼ" ይላቸዋል። ዓሣ ሲገፍ የሻከረ እጁ ያቺን ደም የሚቀባባትን ስስ ብርጭቆ እንዴት እንደሚይዝ ማየት ደስ ይል ነበር። የወባ ምርመራ ሲማር ቤት መጥቶ ነገረኝ። ደሙን በማይክሮስኮፕ ሲያዩ አንድ ቦታ አይተው ወባ የለም አይሉም። መቶ ቦታ ማየት አለባቸው። "ዘጠና ዘጠኙን አይቼ ባጣ እንኳ አንዱ ይቀረኛል" አለኝ። ይህን ሲለኝ ደብተሬ ላይ የምጽፈው ነገር ነበረኝ። ቀና ብዬ በደንብ አልሰማሁትም።

አሁን ወደ ደብዳቤው ልምጣ። ወደ ኋላ ስገፋው ቆየሁ።

ግንቦት ላይ ነው። አበጀ ትምህርቱን ጨርሶ፣ የሆስፒታል ልምምዱንም ፈጽሞ፣ ውጤቱ ሁሉ ገብቶ ምርቃትና የብቃት ምዘና ይጠባበቃል። የኔታ የዓመት ዕረፍታቸውን ወስደው ለጉልበታቸው ወንዛዬ ፍል ውኃ ወርደዋል። መዝገብ ቤቱ ውስጥ ብቻዬን ነኝ። ኮሌጆችን የሚቆጣጠረው መሥሪያ ቤት ተላላኪ የሞተር ቆቡን ብብቱ ሥር ይዞ መጣ። እንተዋወቃለን።

"ጌትነት፣ ቶሎ ፈርምልኝ፤ ፀሐዩ አናት ይበሳል" አለኝ።

ከእግሩ ጀመርሁ። ፊርማ አለ። ቲተር አለ። ማህተም የለም።

"ማህተም የለውም" አልሁት።

"ማህተም ያዡ መስክ ወጥቶ ነው። አንተ ፈርም፣ ነገ አስመትቼ አመጣልሃለሁ።"

"ሲመታ እፈርማለሁ።"

"አይ አንተ፤ ከየኔታም ባስህ" ብሎ ሳቀ።

ደስ አለኝ። እውነቱን መጻፍ ካለብኝ፣ ደስ አለኝ። እንደሳቸው ሆንሁ ብዬ ነው። ደብዳቤውን ወደ ፖስታው ከመመለሴ በፊት አነበብሁት። በኮሌጁ ላይ በቁጥጥር የተገኙ ጉድለቶችን ዘርዝሮ፣ ኃላፊዋ በሚመጣው ሰኞ ጠዋት ሦስት ሰዓት የጽሑፍ መልስ ይዘው እንዲቀርቡ ይጠራል። ባይቀርቡ በሌሉበት ውሳኔ እንደሚሰጥ ይናገራል። ይህን በዓይኔ አነበብሁ። ከዚያ ፖስታውን ለተላላኪው መለስሁለት። የሲስተር ዘሐራ በር ከኔ በር ጥቂት እርምጃ ነው፤ ክፍት ነበር፤ ከሰው ጋር ሲነጋገሩ ይሰማኛል። አልገባሁም። ያልተመዘገበ ነገር ለአለቃ አይነገርም ብዬ ነው። ነገ ማህተሙ ተመትቶ ሲመጣ በደንብ መዝግቤ አስገባዋለሁ አልሁ።

በማግስቱ አልመጣም። በሦስተኛው ቀን የአዲስ ተማሪዎች ምዝገባ ተጀመረና በሩ ላይ ሰልፍ ሆነ። ሰኞ መጥታ አለፈች። ረስቼው ነበር። ሌላ ምክንያት ባገኝ ደስ ባለኝ፤ ግን የለም።

ቀጥሎ የመጣው ደብዳቤ የኮሌጁ እውቅና መሠረዙን የሚገልጽ ነበር። ያን ደብዳቤ ከእግሩ ጀምሬ አየሁት። ከዚያ በፊት እንደዚያ የተዋጣለት ማህተም አላየሁም። ክቡ ሙሉ ነው፤ የፊርማውን ጅራት በትክክል ነክቶታል። ፈርሜ ተቀበልሁ፤ መዝግቤ አስገባሁ።

ሲስተር ዘሐራ ሲያነቡት አልጮኹም። ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው መነጽራቸውን አወለቁ። "ጉድለት የለብንም አልልም። ማይክሮስኮፑ ይጎድላል፤ ለቀው የሄዱ መምህራን ስማቸው ዝርዝሩ ላይ አለ። ግን ጠርተው ሳይጠይቁኝ?" አሉ። "ሌባ እንኳ ፊቱን አይተው ነው የሚፈርዱበት።" ጠበቃ ይዘው ይግባኝ ጻፉ። መመሪያው ከሥረዛ በፊት ጉድለቱ በጽሑፍ እንዲነገር፣ መልስ መስጫ ጊዜ እንዲሰጥ፣ ባለጉዳዩ እንዲሰማ ያዛል። ጠበቃው "ምንም ዓይነት ጥሪ አልደረሰንም" ብሎ ጻፈ። ለዚያ ይግባኝ የወጪ መዝገብ ቁጥር የሰጠሁት እኔ ነኝ። ስለ መለስሁት ደብዳቤ ግን አልተናገርሁም። ከሥራ እባረራለሁ ብዬ ፈራሁ። የኔታ ከወንዛዬ ተመልሰው ገቢ መዝገቡን ገለበጡ፤ ምንም የለም። ቀና ብለው አዩኝ። ሌላ ነገር የማደርግ መሰልሁ።

ይግባኙ ሲንጓተት ክረምት ገባ። እውቅና የሌለው ኮሌጅ ተማሪ ለብቃት ምዘና አይመዘገብም። አበጀ ሁለት ጊዜ ሄዶ ተመለሰ። ሐምሌ ላይ ለሰሊጥ አረም ወደ መተማ እንደሚወርድ ነገረኝ። "እስኪፈቱት ድረስ እጄን አጣጥፌ ባንተ እንጀራ አልቀመጥም" አለ። አንዷን ነጭ ጋውኑን አጣጥፎ ሰጠኝ። "እንዳታጥባት። አጥቤያታለሁ። ስመለስ በቀጥታ ነው የምለብሳት።"

እስከ ሐሙሲት አብሬው ተሳፍሬ ሸኘሁት። አውቶቡሱ ለቁርስ ሲቆም ከመንገዱ ዳር ሻይ ቤት ገባን። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። ስለ እናታችን፣ ስለ ቤቱ ጣራ አወራን። ከዚያ እንዲህ አለኝ፦

"ታውቃለህ፣ ጥፋቱ የማን እንደሆነ ባውቅ ይቀለኝ ነበር። ልጣላው አይደለም። ማወቁን ብቻ።"

ሻዬን አማሰልሁ። ስኳሩ ከሟሟ ቆይቷል። አፌ ላይ መጥቶ ነበር። እላለሁ፣ አሁን እላለሁ ስል ረዳቱ በሩን እየደበደበ ተሳፋሪውን ጠራ። አበጀ ተነሥቶ ትከሻዬን መታ አደረገኝና ሮጦ ገባ። በመስኮት እጁን አወጣ። እኔም እጄን አነሣሁ።

መስከረም ላይ አብሮት የሚያርም ልጅ ደወለ። ትኩሳት ሲጀምረው አበጀ ራሱ ወባ ነው ብሏቸዋል። ደሜን የሚያይልኝ ሰው ጋ አድርሱኝ ብሏቸዋል። ዝናብ ነበር፤ መንገዱ ተቆርጦ ነበር። ጤና ጣቢያው ሲደርሱ ከተሸከሙበት አልተነሣም። እዚያው ቀበሩት።

ደልጊ ላይ አስከሬን በሌለበት አለቀስን። ለቅሶ የመጡ ሰዎች እርስ በርስ ሲነጋገሩ እሰማለሁ። "ትምህርቱን አቋርጦ በረሃ ወርዶ ነው አሉ።" እናቴም ሰማች። በአራተኛው ቀን ጠራችኝና፣ "ጨርሶ ነበር አይደለም እንዴ?" አለችኝ። ጨርሷል አልኋት። "ታዲያ ለምን አቋረጠ ይላሉ?" ያን ጊዜ ሁለት ነገር ለራሴ አልሁ። ያደረግሁትን እናገራለሁ። የአበጀም ስም ካቋረጡት ጋር አይጻፍም።

ባሕር ዳር እንደተመለስሁ ጠዋት የኔታ እጃቸውን ሲታጠቡ አጠገባቸው ቆሜ ሁሉንም ነገርኋቸው። ፎጣውን ይዘው ቆሙ። ቁጣ ጠብቄ ነበር።

"ማህተም የሌለውን መልሼ ወደ ዲኗ ስገባ ለምን የምሄድ ይመስልህ ነበር?" አሉኝ።

"ሻይ ሊጠጡ።"

ፎጣውን መልሰው ሰቀሉ። "አፍ ለአፍ ልነግራቸው ነበር የምሄደው፤ ይህ ይህ የሚል ወረቀት መጥቶ ነበር፣ ማህተም ስለሌለው መልሼዋለሁ፣ እርስዎ ግን ይወቁት እያልሁ። ወረቀቱ ይመለሳል፤ ወሬው አይመለስም። ይህን ሳልነግርህ መዝገብ ቤት ጥዬህ ሄድሁ። ጥፋቱ ያንተ ብቻ አይደለም ልጄ።"

ልጄ ብለውኝ አያውቁም ነበር።

አብረን ወደ ሲስተር ዘሐራ ገባን። ይግባኝ ሰሚው ጉባኤ ሊቀመጥ ቀናት ቀርተውታል። ሰምተው ሲጨርሱ፣ "ጠበቃዬ ምንም አልደረሰንም ብሎ ጽፏል። አሁን አንተን ባቀርብ ውሸታም ልባል ነው። ብደብቅህ ደግሞ አሸንፋለሁ" አሉ። እኔን አይደለም የሚያዩት፤ የኔታን ነው።

የኔታ በቀስታ፣ "እኛ ሳይሰሙን ፈረዱብን ብለን ነው የከሰስነው። የምናውቀውን ደብቀን ስሙን እንላለን?" አሉ።

ሲስተር ሻይ ቀዱ። አልጠጡትም። "ሸሚዝህን ተኩሰህ ና" አሉኝ።

ጉባኤው ሦስት ሰዎች ናቸው። ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት እኔ የመለስሁትን ደብዳቤ አቀረበ። ያው ራሱ ነው፤ አሁንም ማህተም የለውም። ጀርባው ላይ በእስክሪብቶ "ለመቀበል ፈቃደኛ አልሆኑም" የሚል ተጽፎበታል። ለካ ተላላኪው ማህተም ያዡን ሲያጣ ጠረጴዛ ላይ ጥሎት ሄዷል፤ ሌላ ሰው ደግሞ ይህን ጽፎበት ፋይል ውስጥ አስገብቶታል። ያደረግሁትን ተናገርሁ። ሰብሳቢው ሽማግሌ ሰው ናቸው፤ እስክጨርስ አላቋረጡኝም።

"ማህተም ቢኖረው ትቀበል ነበር?"

"አዎ፣ እቀበል ነበር።"

"የቀጠሮውን ቀን አንብበሃል?"

"አንብቤያለሁ።"

"ለኃላፊህ ነገርሃቸው?"

"አልነገርሁም።"

እስክሪብቷቸውን አስቀምጠው፣ "ስለ እውነቱ እናመሰግናለን" አሉኝ። ሌላ ነገር ቢሉኝ ይሻል ነበር።

ውሳኔው በሁለት ሳምንት መጣ። ማህተም የሌለው ወረቀት ጥሪ አይባልም፤ ኮሌጁ ሳይሰማ ስለተፈረደበት ሥረዛው ተነሥቶ ጉዳዩ እንደገና ይታይ አለ። እንደገናም ታየ። ሲስተር ዘሐራ ሙሉ ቀን ተጠየቁ፤ መለሱ፤ አንዳንዱን አመኑ። በመጨረሻ ኮሌጁ እውቅናውን አጣ። ግን ሥረዛው ከመድረሱ በፊት ትምህርታቸውን የጨረሱ ተማሪዎች ማስረጃቸው እንዲጸናና ለምዘና እንዲቀርቡ ተፈቀደ። መጀመሪያ በሌሉበት ሲወሰን ይህን የሚጠይቅላቸው ሰው እዚያ ክፍል ውስጥ አልነበረም። ሲስተር ሲወጡ ደክሟቸው ነበር። "ሰምተውኛል። አሁን ዝጊ ካሉኝ እዘጋለሁ" አሉ።

የአበጀ የክፍል ልጆች ተመዘኑ። ሦስቱን አሁን ጤና ጣቢያ ነጭ ለብሰው አያቸዋለሁ። ያቺ ሰኞ በጊዜዋ ተነግራ ቢሆን ኖሮ ይህ ሁሉ ግንቦት ላይ ያልቅ ነበር ብዬ አስባለሁ። ምናልባት አያልቅም ነበር። አላውቅም። ማሰቤን ግን አልተውሁም።

ኮሌጅ ሲዘጋ የተማሪዎችን ፋይል ተቆጣጣሪው ይረከባል። ከየኔታ ጋር የሠራነው የመጨረሻ ሥራ ይህ ነው። ፋይሎቹን በፊደል ተራ ደርድረን፣ ገጽ ቆጥረን፣ በማስረከቢያው ቅጽ ላይ አንድ በአንድ ሞላን። በቅጹ ከስሙ ፊት ለፊት ከሦስት ቃላት አንዱ ይጻፋል፤ ያጠናቀቀ፣ ያቋረጠ፣ የተዛወረ። ለርክክብ የመጣችው ልጅ ትሑት ናት። የአበጀ ፋይል ሲደርስ ምን ላድርግ ብዬ ቆምሁ። መሞቱን ሰምታ ኖሮ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ "የሞተ ከሆነ በልማድ የምንጽፈው ያቋረጠ ብለን ነው" አለችኝ።

የኔታ ፋይሉን ከእጄ ወሰዱ። ከእግሩ ጀመሩ። የመምህራኑን ፊርማ፣ የእያንዳንዱን ትምህርት ውጤት፣ የሆስፒታሉን ልምምድ፣ ቀኑን። ዳር እስከ ዳር አዩት። "ይህ ሰው ምን አቋረጠ?" አሏት። ልጅቷ ጎንበስ ብላ አየች። "ምንም" አለች።

ከዚያ ማስረጃውን ሠሩ። አስፈርመው ሲመለሱ እንደ ልማዳቸው ስሙን ጮክ ብለው አነበቡ፣ እስከ አያቱ። አነበቡና ጠበቁ። ማህተሙ እጃቸው ላይ ነው። ልጅቷ ለምን እንደቆሙ ስላልገባት ታየናለች።

"ልክ ነው" አልሁ።

መቱት። ማህተሙን በጨርቅ ጠርገው ለልጅቷ አስረከቡ፤ እሷም ፈረመች። ከዚያ በኋላ በዚያ ማህተም የተመታ ወረቀት የለም።

ማስረጃውን ይዤ በጀልባ ደልጊ ተሻገርሁ። እናቴ ማንበብ አትችልም። ወረቀቱን ጉልበቷ ላይ ዘርግታ በእጇ ዳበሰችው። ስለ ደብዳቤው፣ ስለ ሐሙሲቱ ሻይ ያን ቀን ነገርኋት። ሐይቁን እያየች ሰማችኝ።

"አበጀ ያውቅ ነበር?" አለችኝ።

"አያውቅም።"

"ብትነግረው ኖሮ እዚያው ስቆብህ ነበር።"

ወረቀቱን አነሣችና ሰጠችኝ። ምን እንደሚል ጠየቀችኝ። ማህተሙን አሳየኋት፣ ፊርማውን፣ ቁጥሩን፣ ቀኑን። የተማራቸውን በየስማቸው አነበብሁ። መጨረሻ ላይ ስሙንና "አጠናቋል" የሚለውን አነበብሁላት።

"ድገምልኝ" አለች።

ከእግሩ ጀምሬ ደገምሁላት።